አዋጁ የሰጠውን ማን ነጠቀው?

ስለ ገጠር ድህነት በተነሳ ቁጥር ጣት የሚቀሰርበት አንድ ቀን አለ፤ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም.። የዚያን ቀን የታወጀው የገጠር መሬት አዋጅ መሬቱን በታተነው ይባላል። ገበሬው ግማሽ ሄክታር ላይ ተቀምጦ ቀረ፣ በግማሽ ሄክታር ላይ ትራክተር አይዞርም፣ ትራክተር ካልዞረ ሀገር አይጠግብም ይባላል። ማሰሪያውም ይከተላል፦ መሬቱ ገንዘብና እውቀት ላለው ይሰብሰብ፣ ገበሬው ወይ ተቀጣሪ ይሁን ወይ ከተማ ይግባ። አንዱ ይህ በሽያጭ ይሁን ይላል፣ ሌላው በሊዝ፣ ሌላው በመንግሥት ውሳኔ። በመንገዱ ይጣላሉ እንጂ በመድረሻው ይስማማሉ፤ አነስተኛው ገበሬ ዘመኑ አልፎበታልና ከመሬቱ ይነሳ ነው የሚሉት።

ይህ ሐሳብ ዛሬ በየስብሰባ አዳራሹ ያለ ሞጋች ያልፋል። እኔ ስሕተት ነው እላለሁ፤ ያውም ሦስት መንግሥታት ሞክረውት ሦስቱንም ያከሰረ ስሕተት። የ1967ቱ አዋጅ ጉድለት አልነበረበትም አልልም። ገበሬውን ያደኸየው ግን ከአዋጁ በኋላ በየተራ የተወሰደበት ነገር ነው፤ አንዴ የእህሉ ዋጋ፣ አንዴ በማሳው ላይ ያለው መተማመኛ፣ ሁልጊዜም «እምቢ» የማለት መብቱ።

የአዋጁ ከሳሾች ከአዋጁ በፊት ስለነበረው ዘመን ብዙ አያወሩም። በአርሲ፣ በባሌ፣ በሲዳማ፣ በጌዴኦና በሌላውም የደቡብ አገር አብዛኛው አራሽ ጭሰኛ ነበር። መኸር ሲደርስ ክምሩ አውድማ ላይ ቆሞ ባለመሬቱን ወይም ወኪሉን ይጠብቃል። ጭሰኛው ያለ እነሱ ምስክርነት አይሰፍርም። አስራቱ ይወጣል፤ ከዚያ እንደ ውሉ እርቦ፣ ሲሶ ወይም እኩሌታው ለባለመሬቱ ይለያል። በሬውና ዘሩም የባለመሬቱ ከሆነ ድርሻው ከፍ ይላል። በዚያ ላይ ማገዶው፣ ማሩ፣ የበዓል ሙክቱ፣ የባለመሬቱን እህል በራስ አህያ ጭኖ ቤቱ ድረስ ማድረሱ አለ። ውሉ አብዛኛውን ጊዜ የቃል ስለሆነ ባለመሬቱ ባሻው ዓመት ጭሰኛውን ያስነሳዋል። ለከርሞ በዚያ ማሳ ላይ መኖሩን የማያውቅ ሰው ደግሞ ዛፍ አይተክልም፣ እርከን አይክብም። ልፋቱን የሚበላው ሌላ ነውና።

ሥርዓቱን ገበሬው በጸጋ አልተቀበለውም። በ1952 ዓ.ም. የጌዴኦ ገበሬዎች ተነሱ። የባሌው አመጽ ለዓመታት ዘለቀ። በ1960 ዓ.ም. አዲስ የእርሻ ገቢ ግብር ሲመጣ የጎጃም ገበሬ መሬቱ ተለክቶ ርስቱ ሊወሰድ ነው ብሎ ሸፈተ። በየካቲት 1957 ዓ.ም. የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች «መሬት ለአራሹ» እያሉ ፓርላማው ደጃፍ ድረስ ወጡ። መንግሥት ለመሬት ጉዳይ ሚኒስቴር መሥሪያ ቤት አቋቁሞ፣ የባለመሬትንና የጭሰኛን ግንኙነት የሚያስተካክል ሕግ አስረቅቆ ነበር። ረቂቁ ባለመሬቶች የሞሉበት ፓርላማ ገብቶ ሕግ ሳይሆን ቀረ።

ዛሬ እንደ አዲስ መፍትሔ የሚነገርለት ሰፊ እርሻም የመጀመሪያ ፈተናውን የወሰደው በዚያው ዘመን ነው። በ1960 ዓ.ም. በአሰላ ዙሪያ በስዊድን እርዳታ የተጀመረው የጭላሎ የእርሻ ልማት ድርጅት፣ ሰው «ካዱ» የሚለው፣ ማዳበሪያና ምርጥ ዘር ለአነስተኛ ገበሬዎች ለማድረስ የታሰበ ነበር። ስንዴው አዋጣ። ማዋጣቱን ያዩ ባለመሬቶች ግን ትራክተር ከቀረጥ ነፃ አስገብተው፣ በሺህ የሚቆጠሩ ጭሰኞችን አስነስተው ራሳቸው ማሳረስ ያዙ። በአዋሽ ሸለቆም አፋሮች በበጋ ከብት የሚያሰማሩበት የወንዝ ዳር ግጦሽ ለጥጥ እርሻ ተወሰደ፤ የ1965ቱ ድርቅ ሲመጣ መሸሻቸው ታጥሮ ቆያቸው። በሁለቱም ቦታ ምርት አድጓል። አምራቹ ግን ወይ ተባሯል ወይ ከብቱን ቀብሯል። ልማት የሚለካው በኩንታል ብቻ ከሆነ ያ ዘመን ስኬታማ ነበር ማለት ነው፤ በሰው ከተለካ ግን ለአብዮቱ ነዳጅ የሆነው እሱ ነው።

አዋጅ ቁጥር 31/1967 የመጣው በዚህ ላይ ነው። ከአርቃቂዎቹ አንዱ ዘገየ አስፋው ነበሩ። አዋጁ ጭሰኝነትን ሻረ፣ የጭሰኛውን ዕዳ ሰረዘ፣ አንድ ቤተሰብ ከ10 ሄክታር በላይ እንዳይዝ ወሰነ። ገበሬዎች ቢያንስ በ800 ሄክታር ክልል ማኅበር አቋቁመው መሬት እንዲደለድሉ፣ የርስ በርስ ክርክራቸውንም ራሳቸው እንዲዳኙ ሥልጣን ሰጠ። በጥቂት ዓመታት ውስጥ ከ20 ሺህ በላይ የገበሬ ማኅበራት ተቋቋሙ።

«መሬቱን በታተነው» የሚለው ክስ እዚህ ላይ ይፈተሽ። የባለመሬቱ ርስት ስፋቱ በግብር ደረሰኝ ላይ ነበር። ማሳው ላይ ሲኬድ ያው መሬት በጭሰኞች ጥማድ በጥማድ ተከፋፍሎ፣ በጥንድ በሬ የሚታረስ ነበር። በሰሜኑም ርስት ወራሽ በተጨመረ ቁጥር ሲከፋፈል የኖረ ነው፤ አዋጁም በርስት አገር ገበሬው የያዘውን እንደያዘ እንዲቀጥል ነው የፈቀደው። በትራክተር የሚታረሱት ሰፋፊ የንግድ እርሻዎች ደግሞ ለገበሬ አልተከፋፈሉም፤ በአብዛኛው የመንግሥት እርሻ ሆኑ። እንግዲህ የተበታተነው የቱ ነው? በደቡቡ በብዙ ቦታ ማሳው በነበረበት፣ በነበረው ስፋት ሳለ የምርቱ ባለቤት ነው የተለወጠው። ክምሩ ወኪል መጠበቁ ቀረ።

ውጤቱ ወዲያው ታየ፤ ገበሬው ጠግቦ መብላት ጀመረ። እርቦና ሲሶ ሆኖ ወደ ከተማ ይጫን የነበረው እህል በአምራቹ ጎተራ ቀረ፣ የከተማው ገበያም ሳሳ። መንግሥት ይህን የአዋጁ ፍሬ አድርጎ ማየት ነበረበት። ለገበሬው ጥሩ ዋጋ ቢከፍለው፣ ጨውና አቡጀዲ፣ ማረሻና ቆርቆሮ ቢያቀርብለት እህሉ በፈቃዱ ወደ ገበያ ይወጣ ነበር። የተመረጠው ሌላ መንገድ ነው። የእርሻ ሰብል ገበያ ድርጅት ተቋቁሞ፣ እያንዳንዱ የገበሬ ማኅበር መንግሥት በቆረጠው ርካሽ ዋጋ የሚያስረክበው ኮታ ተጣለበት።

ኮታ በገበሬ ቤት ምን ማለት እንደነበር በዕድሜ የገፉ ገበሬዎች ዛሬም አይረሱትም። ዝናቡ አጠረ፣ ተምች በላው፣ ሞላ ጎደለ ተብሎ ኮታ አይቀነስም። ያልሞላለት ሰው ገበያ ወርዶ እህል በውድ ይገዛና ለድርጅቱ በርካሽ ያስረክባል። ለዚያ የሚሆን ገንዘብ ከሌለው በግ ይሸጣል፣ በግ ከሌለው ወይፈን። ማኅበሩን አስቡት፤ ትናንት መሬት ደልዳይና ዳኛ እንዲሆን የተመሠረተው ማኅበር ዛሬ ኮታ ሰብሳቢ፣ ግብር አስከፋይ፣ ወታደር መልማይ ሆነ። አዋጁ ለገበሬው የሰጠው ድርጅት በገበሬው ላይ ዞረ።

ኮታው ብቻውን አልመጣም። የአምራች ኅብረት ሥራ ማኅበር የገቡት ለም መሬቱንና ማዳበሪያውን ቀድመው አገኙ፤ በግሉ የሚያርሰው ወደ ዳገት ተገፋ። በመንደር ምሥረታ ከ10 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ ጓሮውን፣ ጌሾውንና ባሕር ዛፉን ትቶ መስመር በተቀየሰለት መንደር እንዲሰፍር ተደረገ፤ ማሳው ከቤቱ ራቀ፣ ፍግ ማመላለሱ ቀረ፣ ዝንጀሮና ከርከሮ ሰብሉን በላው። በ1977ቱ ረሃብ ጊዜ ወደ 600 ሺህ የሚጠጋ ሰው ወደ መተከል፣ ጋምቤላ፣ ኢሉባቦርና ወለጋ ተጓዘ፤ ብዙው ሳይወድ ነው የሄደው። የመንግሥት እርሻዎች ደግሞ ከሀገሪቱ የታረሰ መሬት 5 በመቶ እንኳ ሳይሞሉ ለግብርናው የተመደበውን ማዳበሪያ፣ ምርጥ ዘርና ብድር ትልቁን ድርሻ ወሰዱ፤ እንዲያም ሆኖ ከዓመት ዓመት ከሰሩ። ሰፊ መሬት፣ ትራክተር፣ አግሮኖሚስትና ካፒታል የነበራቸው እነሱ ናቸው። የአነስተኛው ገበሬ ከሳሾች «ቢኖር ኖሮ» የሚሉት ሁሉ ነበራቸው።

ገበሬው ስለዚህ ሁሉ ያለውን አስተያየት የጠየቀው አልነበረም። ዕድሉን ያገኘው በየካቲት 1982 ዓ.ም. ነው። መንግሥት የቅይጥ ኢኮኖሚ ፖሊሲ ሲያውጅ ኮታው ቀረ፣ ከአምራች ማኅበር መውጣትም ተፈቀደ። በጥቂት ወራት ውስጥ ማኅበራቱ ከሞላ ጎደል ሁሉም ፈረሱ፤ በሬው ለየባለቤቱ ተመለሰ፣ መሬቱ እንደገና በየቤቱ ተካፈለ። የሀገራችን ገበሬ በመሬት ጉዳይ ላይ ነፃ ድምፅ ሰጥቶ ያውቃል ከተባለ ያን ጊዜ ነው፤ የመረጠውም የራሱን ማሳ ነው።

ከ1983 ዓ.ም. በኋላ የመጣው መንግሥት ስሕተቱን በሌላ ስም ደገመው። በ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ አይሸጥም አይለወጥም ተባለ፤ በዚያው አንቀጽ ገበሬው መሬት በነፃ የማግኘትና ከይዞታው ያለመነቀል መብት ተሰጠው። ሁለት ዓመት ሳይሞላ፣ በ1989 ዓ.ም.፣ በአማራ ክልል የመሬት ሽግሽግ ተካሄደ። በደርግ ጊዜ በቀበሌ ማኅበር ያገለገለው «ቢሮክራት»፣ ሌላው «የፊውዳል ርዝራዥ» ተብሎ አራት ጥማድ፣ ማለትም አንድ ሄክታር ብቻ ተትቶለት ሌላው ተወሰደበት። ገበሬዎች አቤት ለማለት አዲስ አበባ ድረስ መጡ። የጠፋው የተወሰደው ጥማድ ብቻ አይደለም። ያልተወሰደበትም ጎረቤት ነገ ለእኔ ብሎ ማሰብ ጀመረ፤ ነገውን የሚፈራ ገበሬ ደግሞ የመሬቱን ጉልበት ለልጁ አያስቀምጥም። የሽግሽግ ማብዛት ገበሬውን በመሬቱ ላይ እምነት እንደሚያሳጣው እንደ ደሳለኝ ራህመቶ ያሉ አጥኚዎች ከደርግ ዘመን ጀምረው ሲጽፉ ኖረዋል። ሰሚ ያገኙት ዘግይተው ነው።

ሦስተኛው የሰፊ እርሻ ሙከራ ደግሞ በጋምቤላ ሆነ። ካሩቱሪ ለተባለ የሕንድ ኩባንያ በመጀመሪያ 100 ሺህ ሄክታር፣ ሲሳካለት ተጨማሪ 200 ሺህ ሄክታር እንዲሰጠው፣ ለ50 ዓመት፣ በሄክታር 20 ብር የዓመት ኪራይ ውል ተፈረመ። ኩባንያው በቆሎ የዘራው የባሮ ወንዝ በሚተኛበት ሜዳ ላይ ነበር፤ ወንዙ ሞልቶ ሰብሉን በላው። በአካባቢው ክረምትን ሲያሳልፉ የኖሩት አኙዋኮችና ኑዌሮች ባሮ የት ድረስ እንደሚወጣ ያውቁ ነበር። ከታረሰው ይልቅ ያልታረሰው በዝቶ ውሉ በ2008 ዓ.ም. ተሰረዘ። በክልሉ ለባለሀብት ከተሰጠው መሬትም አብዛኛው ጫካው ተመንጥሮ ወይም ታጥሮ ሳይለማ ቀረ፤ ከልማት ባንክ የወጣው ብድርም እዳ ሆኖ ተቀመጠ። በ20 ብር አንድ ሄክታር ለባዕድ ኩባንያ የተገኘበት ሀገር ውስጥ፣ መሬት የጠበበው የወላይታ ወይም የወሎ ወጣት ግማሽ ሄክታር ሲጠይቅ የለም ይባላል።

በአንጻሩ የአነስተኛው ገበሬ መዝገብ ምን ይላል? ከሀገሪቱ ሰብል ከ90 በመቶ በላይ የሚያመርተው እሱ ነው። በመንግሥት ስታቲስቲክስ መሠረት ከ1997 እስከ 2007 ዓ.ም. ባሉት ዓመታት በአንድ ሄክታር የሚገኘው የእህል ምርት እጥፍ ሊሆን ተቃርቧል፤ ቁጥሩ ተጋኗል የሚል ሰው ቢኖር እንኳ መጨመሩን የሚክድ የለም። ይህ የሆነው ማሳው እየጠበበ ሳለ ነው። ኮታ ቀረለት፣ መንገድ ገባለት፣ የልማት ሠራተኛ በቀበሌው ተመደበለት፣ ማዳበሪያ ደረሰው። የቀረበለትን ተጠቅሞ አመረተ።

«ትራክተር አይዞርም» የሚለውን ደግሞ የአርሲና የባሌ ገበሬ ከብዙ ጊዜ ጀምሮ መልስ ሰጥቶበታል። ስንዴው ሲደርስ ኮምባይነር ይከራያል፤ ማሽኑ የጎረቤታሞችን ማሳ እያከታተለ ያጭዳል፣ ሒሳቡ በኩንታል ይከፈላል። ኩታ ገጠም እርሻ የሚባለውም ይህንኑ መንገድ የያዘ ነው፤ ድንበሩ ሳይነካ፣ ባለ ይዞታው ሳይነቀል፣ አጎራባቾች አንድ ዓይነት ዘር በአንድ ጊዜ ዘርተው በአንድ ማሽን ያሳጭዳሉ። ማሽን የሚፈልገው ለመዞር የሚበቃ ስፋት ነው፤ የመሬቱ ባለቤት አንድ ሰው ይሁን መቶ ሰው ለማሽኑ ልዩነት የለውም። ከአፍሪካ ገጠሮች ሁሉ ሕዝብ እጅግ ከሰፈረባቸው አንዱ የሆነውን ጌዴኦን ያየ ሰው ደግሞ ቡናውን፣ እንሰቱንና ዛፉን በአንዲት ጠባብ ማሳ ላይ ደራርቦ የሚያኖር ገበሬ ያገኛል። ኮንሶ ድንጋዩን በእጁ እየካበ አፈሩን ለዘመናት ጠብቋል። ሁለቱም በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት የተመዘገቡት ቤተ መንግሥት ስላላቸው አይደለም፤ የተመዘገበው በዋናነት የአነስተኛ ገበሬ እጅ ሥራ ነው።

የተቃራኒ ወገን ከባዱ ጥያቄ ይቀራል፤ ሕዝቡስ? አዋጁ ሲወጣ 30 ሚሊዮን ጥቂት ያለፈ የነበረው ሕዝብ ዛሬ ከ100 ሚሊዮን በላይ ነው። አባት ሁለት ሄክታር ይዞ አራት ልጅ ሲወልድ ምን ያካፍላል? ጥያቄው እውነተኛ ነው፤ የወጣቱ መሬት ማጣትም የእውነት ቁስል ነው። መድኃኒቱ ግን አባትየውንም መንቀል አይሆንም። መሬቱ ለአንድ ባለሀብት ቢሰበሰብ ልጆቹ መሬት አያገኙም፤ አባታቸውም ያጣል። የሰፊ እርሻ ሥራ ደግሞ ወቅታዊ ነው፤ ለአረምና ለአጨዳ ጠርቶ በቀረው ወር ያሰናብታል። መሬት ላይ የተጨናነቀውን ወጣት የሚያወጣው በወረዳ ከተማ የሚከፈት ወፍጮ፣ የወተት ማቀነባበሪያ፣ የቆዳና የጨርቃ ጨርቅ ሥራ፣ ከሁሉም በላይ መስኖ ነው። ዓመቱን ሙሉ ውሃ ያገኘ ሩብ ሄክታር ሽንኩርትና ቲማቲም ሁለት ሦስት ጊዜ ያፈራል፤ ሥራውም በበጋ አይቋረጥም። የአባይን፣ የአዋሽንና የባሮን ሀገር «መሬት አነሰን» ብሎ ከማሳዘን በፊት ውሃውን ወደ ማሳው ማምጣት ይቀድማል።

«ይሸጥ» የሚሉት ወገኖች ባለቤትነት ለገበሬው መተማመኛ ይሰጠዋል ይላሉ። መተማመኛ ያስፈልገዋል ማለታቸው ልክ ነው። ሽያጭ ግን መተማመኛን ለድሃ አይሰጥም። ገበሬ መሬቱን የሚሸጠው በደህና ዓመት አይደለም፤ ዝናብ ሲቀር፣ በሬ ሲሞት፣ ቤተሰብ ሆስፒታል ሲገባ ነው። በክፉ ዓመት በርካሽ የተሸጠ መሬት በደግ ዓመት አይመለስም።

መተማመኛ ያለ ሽያጭ እንደሚገኝ ማስረጃው በእጃችን አለ። በትግራይ በ1990ዎቹ መጀመሪያ፣ ቀጥሎም በአማራ፣ በኦሮሚያና በደቡብ የመሬት ይዞታ ማረጋገጫ ደብተር መሰጠት ተጀመረ። በአማራ ክልል አንድ ቤት ደብተሩን ከሳጥን አውጥተው፣ ከተጠቀለለበት የላስቲክ ከረጢት ፈትተው አሳይተውኛል። የባልና የሚስት ፎቶግራፍ ጎን ለጎን ተለጥፏል፤ ከታች ማሳዎቹ በየተራ፣ በምሥራቅ፣ በምዕራብ፣ በሰሜንና በደቡብ የሚያዋስኗቸው ሰዎች ስም ተጽፎ ተዘርዝረዋል። ሴትየዋ ጣታቸውን ፎቷቸው ላይ አድርገው፣ ባላቸው ቢሞት ወንድሞቹ እንደ ድሮው ሊያስነሷቸው እንደማይችሉ ነገሩኝ። የመጀመሪያው ዙር ምዝገባ ለአንድ ማሳ የወሰደው ወጪ አንድ የአሜሪካ ዶላር ገደማ ነበር። ከዚያ በኋላ በትግራይና በአማራ የተደረጉ ጥናቶች ደብተር ያገኙ ገበሬዎች እርከን የመጠገንና መሬታቸውን ያለ ስጋት የማከራየት ልማዳቸው እንደጨመረ አሳይተዋል። አቅም ያነሳት መበለት የእኩል ወይም በኪራይ ትሰጣለች፣ ሁለት ጥንድ በሬ ያለው ጎበዝ ይቀበላል፤ ማንም ሳይነቀል መሬት ወደሚያለማው እጅ ይሄዳል።

ደብተሩ የማይጠብቀው ከአንድ ወገን ብቻ ነው፤ ከመንግሥት። በ1997ቱ ሕግ ለሕዝብ ጥቅም ከይዞታው በቋሚነት የሚነሳ ገበሬ የአማካይ ዓመታዊ ገቢው 10 እጥፍ ካሳ ይከፈለው ነበር፤ በ2011 በተሻሻለው ደግሞ የከፍተኛ ዓመታዊ ገቢው 15 እጥፍ ይከፈለዋል። ካሳው የሚተመነው በጤፉ ነው፤ መሬቱ በማግስቱ ለከተማ ቤት ሠሪ የሚተላለፈው ግን በሊዝ ጨረታ ዋጋ ነው። በመካከሉ ያለው ሰፊ ልዩነት ማሳውን ላለማው ገበሬ አይደርስም። ከ2006 ዓ.ም. ጀምሮ በኦሮሚያ የተቀሰቀሰው ተቃውሞ፣ አዲስ አበባን ወደ ዙሪያዋ የገበሬ መሬት ያሰፋል የተባለው ማስተር ፕላንም በ2008 ዓ.ም. እንዲቀር ያስገደደው፣ ከዚህ በደል ጋር የተያያዘ ነው። በ2016ቱ አዲስ የገጠር መሬት አዋጅ ገበሬው የመጠቀም መብቱን አስይዞ ከባንክ እንዲበደር ተፈቅዷል። በር ከፋች ነው፤ ነገር ግን የሰብል ዋስትና አብሮ ካልሄደ አንድ የድርቅ ዓመት ለብዙ ዓመት መሬቱን ሊያሳጣው ይችላል።

ስለዚህ የምንጠይቀው ግልጽ ነው። ሽግሽግ በማያሻማ ሕግ ይዘጋ። ከመሬቱ የሚነሳ ገበሬ መሬቱ ከተማ ሲሆን ከሚያወጣው ዋጋ ድርሻ ይኑረው፤ መነሳቱንም የሚሟገትበት ነፃ ፍርድ ቤት ያግኝ፤ ካሳው ሳይከፈል ዶዘር አይግባ። ማዳበሪያ ሳይዘገይ፣ በተመጣጣኝ ዋጋ ይድረሰው። እህሉን ለማን፣ መቼና በስንት እንደሚሸጥ ራሱ ይወስን፤ የስንዴ ግዢ በኮሚቴ ትመናና በኬላ ክልከላ ወደ አዲስ ኮታ እንዳይመለስ ይጠበቅ። የመንግሥት ገንዘብ ለሰፋፊ እርሻ ብድር መሆኑ ቀርቶ ለመስኖ ይዋል።

«መሬት ለአራሹ» ተሞክሮ ወድቋል የሚል ሁሉ አንድ ጥያቄ ይመልስ፦ አራሹ መሬቱን ይዞ፣ ምርቱን በፈቀደው ዋጋ ሸጦ፣ ማንም እንደማያስነሳው አውቆ ያደረበት ሃያ ዓመት በዚህ ሀገር መቼ ነበር? አልነበረም። ያልተሞከረ ነገር አይወድቅም። አዋጁ ሃምሳ ዓመት ሞልቶታል፤ ገበሬውን ለመንቀል ሌላ ሃምሳ ዓመት ምክንያት ከምንፈልግ የተገባለትን ቃል እንፈጽምለት።